የድመቶች ሦስት በአንድ ክትባት፦ ሁለቱን ድመቶቼን አስከትቤ ያየሁት

ፍርዴን ላስቀድም፣ ዝርዝሩን ከዚያ እናወራለን። ለድመት ጉንፋን የሚሰጠው ሦስት በአንድ ክትባት ጥሩ ክትባት ነው። ድመት ያላችሁ ሁሉ አስከትቡ። እኔ ከአምስት ኮከብ አራት ሰጥቼዋለሁ። አንዱን ያስቀረሁት ብዙ ሰው ከክትባቱ የሚጠብቀውና ክትባቱ በእርግጥ የሚሰጠው ነገር ስለማይገጥሙ ነው። "ከተከተበች በኋላ አታስነጥስም" ብላችሁ ከሄዳችሁ ታዝናላችሁ። ቫይረሱ ጨርሶ እንዳይይዛት አያደርግም። ሲይዛት ግን ብዙም ሳትጎዳ እንድትነሳ ያደርጋታል፤ ይህ ደግሞ በተለይ ለትንንሽ ግልገሎች የሞትና የሕይወት ጉዳይ ነው።

እዚህ አዲስ አበባ ስለ ድመት ክትባት ስታነሱ ሰዉ መጀመሪያ ይገረማል። ዘንቢሉን በነጠላ ሸፍኜ ስወጣ ጎረቤታችን እማማ "ምን ይዘሽ ነው ልጄ?" አሉኝ። "ድመቷን ላስከትባት ነው እማማ።" "ውይ! ድመትም ይከተባል እንዴ?" እውነት ገርሟቸው ነው። እሳቸው የሚያውቁት የሚከተበው ውሻ ነው፣ እሱም ለእብድ ውሻ በሽታ። እግረ መንገዴን፣ የእብድ ውሻ በሽታ ክትባት ለድመትም ያስፈልጋል፤ ግን ሌላ ክትባት ነው፣ ለብቻው ነው የሚሰጠው። ብዙ ሰው እሱን አስወግቶ "ድመቴ ተከትባለች" ይላል። ለጉንፋኑ ምንም አያደርግላትም። እሱን ያስወጋችሁ ሰዎች ካርዳችሁን አውጡና ሌላኛው መኖሩን እዩ።

ይሄ የፈረንጅ ቅብጠት ነው የሚሉም አሉ። በሽታው ግን ፈረንጅ አበሻ አይልም፤ የሰፈራችን ድመቶች ክረምት በገባ ቁጥር ዓይናቸው ተጣብቆ፣ አፍንጫቸው ተደፍኖ አጥር ሥር ተኮራምተው የምናያቸው በዚሁ ነው። ቫይረሶቹም አዲስ አይደሉም። ካሊሲ የሚባለው እ.ኤ.አ. በ1957 ኒውዚላንድ ውስጥ፣ የድመት ሄርፐስ የሚባለው ደግሞ በ1958 አሜሪካ ውስጥ ተለይተው ታውቀዋል። አብዛኛውን የድመት ጉንፋን የሚያመጡት እነዚህ ሁለቱ ናቸው። ሦስተኛው በመርፌው ውስጥ ያለው ፓንሉኮፔኒያ ነው። እሱ የመተንፈሻ በሽታ አይደለም። የአንጀትና የነጭ የደም ሕዋስ በሽታ ሆኖ በትውከትና በተቅማጥ ግልገሎችን በጥቂት ቀን ይጨርሳል። እውነቱን ለመናገር ክትባቱ ከሦስቱ በጣም አጥብቆ የሚከላከለው ይህንን ሦስተኛውን ነው። በሁለቱ የጉንፋን ቫይረሶች ላይ ያለው አቅም መካከለኛ ነው፤ እኔም ብዙ የማወራው ስለ እነሱ ነው።

ሁለት ድመት አለኝ። ትልቋ ሚሚ ትባላለች፣ ከመንገድ የመጣች ናት። ወደ እኔ ስትመጣ ሄርፐሱ ይዟት ነበር። ሁለቱም ዓይኗ በቢጫ መግል ተጣብቆ ነበር። ለብ ያለ ውሃ በጥጥ እያደረግሁ ከውስጠኛው ጥግ ወደ ውጭ ቀስ ብዬ ስጠርገው መጀመሪያ የዓይን ሽፋሽፍቷ ተላቀቀ፣ ከዚያ ቀይ የሆነ ያበጠ ሥጋ ታየ፣ ዓይኗ ራሱ የታየው ከሱ በኋላ ነው። ቀኝ ዓይኗ ዳነ። ግራው ላይ እስከ ዛሬ ትንሽ ደመና የመሰለ ጠባሳ አለ። ሄርፐስ ዓይን ይወዳል፣ ካልታከመ ግልገሎችን ያሳውራል።

ስለ ሄርፐስ ማወቅ ያለባችሁ ትልቁ ነገር፣ አንዴ ከያዛት ዕድሜ ልኳን ከሷ አይወጣም። ነርቭ ውስጥ ተደብቆ ይቀመጣል። እኛም ከንፈራችን ላይ ብዙ ጊዜ ምች የምንለው ቁስል የሚመጣው ከዚሁ ቤተሰብ በሆነ ቫይረስ ነው፤ ሲደክመን፣ ስንጨነቅ፣ ፀሐይ ሲመታን ብቅ ይላል። የድመቷም እንደዚያው ነው። ቤት ስትቀይሩ፣ ቀለም ቀቢ ሲገባ፣ አዲስ ድመት ስታመጡ፣ በሳምንት ገደማ ውስጥ እንደገና ማስነጠስ ትጀምራለች፣ ቫይረሱንም ለሌሎች ትረጫለች። ኮርቲዞን ያለበት መድኃኒትም ይቀሰቅሰዋል። ሚሚ ካገገመች በኋላ ነው የተከተበችው፤ ክትባቱ ውስጧ ያለውን ቫይረስ አላጠፋም፣ ሊያጠፋም አይችልም። ዶክተሯ ይህን ቁጭ አድርጋ በግልጽ ነግራኛለች። "እህቴ፣ ይሄ ለሷ ፈውስ አይደለም። ለሌሎቹ ሁለት በሽታዎች ግን ያስፈልጋታል፤ ሄርፐሱም ሲነሳባት ቀለል እንዲላት ሊረዳ ይችላል።" ክሊኒኩን የወደድኩት በዚህ ነው። ሊሸጥላት የሚችለውን ነገር ከሚገባው በላይ አላሞገሰችውም።

ካሊሲን ያየሁት በወንድሜ ድመት ነው። ያልተከተበ ወንድ ድመት ነበር። ከሥጋ ቤት የመጣ ሳንባ ተቀቅሎ ተከትፎ ፊቱ ይቀመጥለታል፤ እየሮጠ ይመጣል፣ ያሸታል፣ አንድ ቁራጭ አፉ ውስጥ ያስገባል፣ ከዚያ ጭንቅላቱን አንዴ ወደዚህ አንዴ ወደዚያ ወዝውዞ ይጥለውና ወደ ኋላ ይሸሻል። እንደገና ይመጣል። እንደገና ይሸሻል። ርቦታል፣ ግን አልቻለም። አገጩ በምራቅ ረጥቧል። አፉን ስንከፍተው ምላሱ ጫፍ ላይ ቆዳው የተላጠ ቀይ ቁስል አለ። የካሊሲ ዋና ምልክቱ ይሄ ነው። አንዳንዷ ድመት ደግሞ ትኩሳት ይዟት ታነክሳለች፣ ያውም ዛሬ በአንዱ እግር ነገ በሌላው። ባለቤቷ "ከአጥር ወድቃ ይሆናል" ብሎ ይተዋታል፣ ነገሩ ግን የመገጣጠሚያ ሕመም ነው፣ ከቫይረሱ የመጣ።

ወደ ክሊኒኩ ልምጣ። ስሙን አልጠቅስም፣ ማስታወቂያ እንዳይመስልብኝ። አገልግሎቱ እንዴት እንደነበረ ግን እነግራችኋለሁ፣ እናንተም በሄዳችሁበት ይህንኑ ጠይቁ።

ዶክተሯ መጀመሪያ መርፌ አላነሳችም። የሚሚን ክብደት ለካች፣ ትኩሳት ለካች፣ አፏን ከፍታ አየች፣ ሆዷን ዳበሰች። ሆዷን የዳበሰችው እርጉዝ እንዳትሆን ነው። ይህ ክትባት ሕያው ሆኖ የተዳከመ ቫይረስ ያለበት ዓይነት ሲሆን ለእርጉዝ ድመት አይሰጥም፤ እኛ አገር ደግሞ ወጣ ገባ የምትል ሴት ድመት እርጉዝ ትሁን አትሁን ባለቤቷም ላያውቅ ይችላል። ትኩሳት ያላት ድመትም ከሆነች "ስትድን አምጧት" ብለው ይመልሷችኋል፣ አትቆጡ፣ ልክ ናቸው።

ከዚያ ፍሪጁን ከፈተች። ትንሽ ፍሪጅ ናት፣ ውስጧ መድኃኒት እንጂ የማንም ምሳ የለም፣ በሯ ላይ ቴርሞሜትር ተንጠልጥሏል። ክትባቱ ከፋብሪካ እስከ መርፌ ድረስ ከ2 እስከ 8 ዲግሪ ሴልሺየስ ውስጥ መቆየት አለበት። መብራት በሚጠፋበት ከተማ ይህ ቀልድ አይደለም። "መብራት ሲጠፋ ምን ታደርጋላችሁ?" አልኳት፤ በረዶ ያለበት የክትባት ሳጥን ከጠረጴዛው ሥር ጎትታ አሳየችኝ። ሙቀት የመታው ክትባት በዓይን አይለይም። መርፌው ይወጋል፣ ካርዱ ይሞላል፣ ገንዘቡ ይከፈላል፣ ድመቷ ግን አልተከተበችም። ስለዚህ ጥያቄው ነውር የለውም፣ ጠይቁ።

እኔ ያገኘሁት ኖቢቫክ ትሪካት ትሪዮ የሚባለውን ነው። ሌሎችም አሉ፤ ፑሬቫክስ አርሲፒ፣ ፌሎሴል፣ ፌሊጀን። ብልቃጡ ትንሽ ናት፣ ከሥሯ ነጣ ያለ የደረቀ ነገር ተጣብቋል። ክትባቱ እሱ ነው። በሌላ ብልቃጥ ያለውን መበጥበጫ በሲሪንጅ ስባ ጨመረችበት፣ በመዳፏ ቀስ ብላ አዟዟረችው፣ ወዲያው ሟሟ። ከተበጠበጠ በኋላ በ30 ደቂቃ ውስጥ መወጋት አለበት። ይህን የምነግራችሁ ያለ ምክንያት አይደለም። ከዚህ በፊት የሄድኩበት ሌላ ቦታ አስቀድሞ የተሞላ ሲሪንጅ ከትሪ ላይ አንስተው ሊወጓት ነበር። መቼ እንደተቀዳ ስጠይቅ "ጠዋት" አሉኝ። ሰዓቱ ከቀትር በኋላ ነበር። ድመቴን ይዤ ወጣሁ። ብልቃጡ ፊታችሁ ይከፈት፣ ጊዜው ያላለፈበት መሆኑን ራሳችሁ አንብቡ።

መርፌውን የወጋችው ቀኝ የፊት እግሯ ላይ፣ ከክርን ዝቅ ብሎ ነው። ብዙ ቦታ ሁለቱ ትከሻዎች መካከል ይወጋሉ፣ ይቀላልና። የእግሩ ምክንያት ግን ጥሩ ነው። ድመት ላይ እጅግ አልፎ አልፎ መርፌ የተወጋችበት ቦታ ላይ ክፉ ዕጢ ይወጣል፤ እግር ላይ ከሆነ በቀዶ ሕክምና ማዳን ይቻላል፣ ጀርባ ላይ ከሆነ በጣም ይከብዳል። ትንሽ እብጠት ብቻዋን አታስደንግጣችሁ፣ ብዙ ጊዜ ትጠፋለች። እብጠቱ ከ3 ወር በላይ ከቆየ፣ ወይም ከ2 ሴንቲ ሜትር ከበለጠ፣ ወይም ከ1 ወር በኋላም እያደገ ከሆነ ግን ውሰዷት።

አንዲት ነገር ደግሞ በጣም ደስ አለችኝ። መርፌው ሲወጣ አንዲት ጠብታ ፀጉሯ ላይ ቀረች። ዶክተሯ ወዲያው አልኮል ባለው ጥጥ ጠረገቻት። ለምን ብላችሁ? ድመት ራሷን ትልሳለች። በመርፌ መግባት ያለበት ሕያው ቫይረስ በአፍና በአፍንጫ ከገባ ያንኑ ጉንፋን ሊያሲዛት ይችላል። እንዲህ የምትጠነቀቅ ሐኪም ካገኛችሁ አትልቀቁ።

ካርዱ ላይ ከብልቃጡ የተላጠው ወረቀት ተለጠፈ፣ የክትባቱ ስም፣ ቁጥሩ፣ የሚያልፍበት ቀን ያለበት። "ክትባት ተሰጥቷል" ተብሎ በእስክሪብቶ የተጻፈ ብቻ ከሆነ አትቀበሉ። ከመርፌው በኋላ ትንሽ እንድንቆይ ነገረችን። ፊት ማበጥ፣ ተደጋጋሚ ትውከት፣ ትንፋሽ ማጠር ከመጣ ቶሎ ስለሚመጣ ነው። አልመጣም።

ስለ ጊዜው ላውራ፣ ምክንያቱም በጣም የሚበላሸው እዚህ ላይ ነው። ግልገሎች ከእናታቸው እንገር መከላከያ ይጠባሉ። ጥሩ ነገር ነው፣ ግን ይኸው መከላከያ ክትባቱንም ያከሽፈዋል። መቼ እንደሚያልቅ ከግልገል ግልገል ይለያያል፤ የአንዷ በ8 ሳምንት፣ የሌላዋ በ14 ሳምንት ሊሆን ይችላል። ስለዚህ አንድ መርፌ ወግቶ "ለዓመቱ በቂ ነው" ማለት ቁማር ነው። የዓለም የአነስተኛ እንስሳት ሐኪሞች ማኅበር መመሪያ የሚለው ከ6 እስከ 8 ሳምንት ባለው ጊዜ ጀምሩ፣ ከ2 እስከ 4 ሳምንት እያለፈ ድገሙ፣ የመጨረሻው 16 ሳምንት ሲሞላት ወይም ከዚያ በኋላ ይሁን ነው። እ.ኤ.አ. በ2024 የወጣው መመሪያ ደግሞ ከ6 ወሯ ጀምሮ አንድ እንድትደገም ይመክራል፤ ቀድሞ ብዙ ጊዜ ዓመት እስኪሞላት ይጠበቅ ነበር። ብልቃጡ ላይ ያለው ወረቀት በ12 ሳምንት ሊያቆም ይችላል። የኔዋ ዶክተር 16ኛውን ሳምንት ጨምራ ነው የቀጠረችን፣ እኔም በደስታ ከፍያለሁ።

ከዚያ በኋላስ? ቤት ብቻዋን የምትኖር፣ ሌላ ድመት የማታገኝ ከሆነች በየ3 ዓመቱ ይበቃታል። ግቢ የምትወጣ፣ ከሰፈር ድመት ጋር የምትጣላ፣ ወይም ስትጓዙ እንግዳ ማቆያ የምታስገቧት ከሆነች ግን ለሁለቱ የጉንፋን ቫይረሶች በየዓመቱ ይሻላል። "የኔ ከቤት አትወጣም፣ ምን ያደርግላታል" የምትሉ ደግሞ አስቡበት፤ ካሊሲ በእጃችሁ፣ በልብሳችሁ ይገባል። ፓንሉኮፔኒያ በጫማ ይገባል፣ ከዓመት በላይም ዕቃ ላይ ይቆያል።

ከመርፌው በኋላ ምን ሆኑ? ትንሹ ነብሮ ያን ቀን ተኛ፣ እራቱን በግማሽ ተወ፣ በማግስቱ መጋረጃ ላይ ነበር። ሚሚ አንድ ሁለት ቀን አስነጠሰች። ትኩሳት፣ ድብርት፣ ትንሽ ማስነጠስ እስከ ሁለት ቀን የሚጠበቅ ነው። ግልገሎች አንዳንዴ ለአጭር ጊዜ ሊያነክሱም ይችላሉ። ከዚያ ካለፈ ደውሉ።

ዋናው ፈተና የመጣው በክረምት ነው። ጎረቤት አንዲት ግልገል በካርቶን አምጥተው በራችን ላይ ተዉልን፣ ታማ። ለብቻዋ ክፍል አደረግናት፣ ያም ሆኖ በሽታው አልቀረልንም። ግልገሏ ለሳምንታት ተሠቃየች፤ ምግብ አታሸትም፣ ድመት ደግሞ ያላሸተተችውን አትበላም፣ በጠብታ ነው ያቆየናት። ሚሚ ያው የግራ ዓይኗ አለቀሰ፣ ሰነበተባት። ሙሉውን ክትባት የጨረሰው ነብሮ አስነጠሰ፣ አፍንጫው ረጠበ፣ ከምግቡ ግን አንድም ቀን አልቀረም። አንድ ቤት የሆነ ነገር ማስረጃ አይደለም፣ አውቃለሁ። ግን ክትባቱ አደርጋለሁ የሚለው በትክክል ይሄንን ነው፤ ይይዛታል፣ አይጥላትም።

ከታመመችባችሁ የሚሆነውን ባጭሩ። ዓይንና አፍንጫዋን ለብ ባለ የጨው ውሃ ጥረጉ፣ ምግቡን አሙቁላት ሽታው እንዲነሳ፤ ሰርዲን ወይም የተቀቀለ ጉበት ብዙ ጊዜ ይሠራል። ሙቅ ውሃ የተለቀቀበት መታጠቢያ ቤት ውስጥ ትንሽ ብታቆዩዋት እንፋሎቱ አፍንጫዋን ይከፍትላታል። ባሕር ዛፍ ግን እንዳታጥኗት። ለእኛ ጉንፋን ደህና ነው፣ ለድመት መርዝ ነው። ፓራሲታሞል ደግሞ በምንም ዓይነት አትስጡ! አንድ የሰው ክኒን ድመት ይገድላል። ይህን ለሁሉም ንገሩ፤ "ትኩሳት አላት" ብሎ ግማሽ ክኒን ወተት ውስጥ የሚበጠብጥ ሰው ብዙ ነው። ሁለት ቀን ካልበላች ሐኪም ጋ መድረስ አለባት፣ ጉበቷ ይጎዳል። ኢንተርኔት ላይ ላይሲን የሚባል ማሟያ ለሄርፐስ ይሸጣል። ገንዘባችሁን አታውጡበት፤ እ.ኤ.አ. በ2015 ጥናቶቹን ሰብስበው የገመገሙ ሰዎች ምንም ጥቅም አላገኙበትም። ለከባድ ሄርፐስ ፋምሲክሎቪር የሚባል እውነተኛ መድኃኒት አለ፣ ሐኪም ነው የሚያዘው። እናንተ አትፍሩ፣ የድመት ሄርፐስም ካሊሲም ወደ ሰው አይተላለፉም።

ቤት ስታጸዱ ሄርፐስ ቀላል ነው፤ እርጥብ ቦታ ላይ እስከ 18 ሰዓት ገደማ ነው የሚቆየው፣ ሳሙናም ይገድለዋል። ካሊሲ ግን ለሳምንታት ይቆያል፣ ብዙ ማጽጃም አይነካውም። በረኪና ይነካዋል፤ አንድ እጅ በረኪና በ32 እጅ ውሃ። ሳህኑንና የምትጸዳዳበትን የአሸዋ ዕቃ መጀመሪያ በሳሙና እጠቡ፣ ከዚያ በረኪናውን 10 ደቂቃ ተዉት፣ በደንብ አለቅልቁት። ድመቷ ክፍሉ ውስጥ አትሁን።

የክትባቱን ድክመት ደግሞ አልደብቅም። ካሊሲ ዝርያው ብዙ ነው፣ በየጊዜውም ይለወጣል። ኖቢቫክ ውስጥ ያለው ኤፍ9 የሚባል የቆየ ዝርያ ነው። ብዙዎቹን ይሸፍናል፣ ሁሉንም አይሸፍንም። ፑሬቫክስ ውስጥ ሁለት ዝርያ አለ፣ ካሊሲውም የሞተ ነው። እኔ ምርጫ ቢኖረኝ ኖሮ አማርጥ ነበር፤ የተገኘው አንድ ነበር፣ እሱን አስወጋሁ፣ እናንተም "የተሻለውን እስካገኝ" ብላችሁ ግልገሏን ሳትከተብ አታቆዩ። እ.ኤ.አ. በ1998 ሰሜን ካሊፎርኒያ ውስጥ በጣም ከባድ የሆነ የካሊሲ ዓይነት ተነስቶ የተከተቡ ትልልቅ ድመቶችንም ገድሏል። እንዲህ ያለው እጅግ ብርቅ ነው፣ ግን አለ። ክላሚዲያና ቦርደቴላን የመሳሰሉ በባክቴሪያ የሚመጡ ጉንፋኖችም በዚህ መርፌ ውስጥ የሉም። የተከተበች ድመት ዓይኗ ቢያብጥ "ክትባቱ ውሸት ነው" ከማለታችሁ በፊት አስመርምሯት፣ በአንቲባዮቲክ የሚድን ሊሆን ይችላል።

ዋጋው ከእብድ ውሻው ክትባት ከፍ ይላል፣ ከውጭ ስለሚመጣም በየጊዜው ይጨምራል። ለዚያች ለካርቶኗ ግልገል ሕክምና ያወጣሁት ግን ከነብሮ ክትባቶች ሁሉ ድምር ይበልጣል። ሌላው ችግር መጥፋቱ ነው። የመጀመሪያውን ወግተው ሁለተኛው ሲደርስ "አልቋል" የሚሉበት ጊዜ አለ። ስለዚህ ከመጀመራችሁ በፊት ደውሉና ለተከታዮቹም መኖሩን ጠይቁ፣ ከቻላችሁ አስይዙ። እኔ የምሄድበት ክሊኒክ የሁሉንም ስልክ በደብተር መዝግቦ ይይዛል፣ ክትባቱ ሲገባም ተራ በተራ ይደውላል። የነብሮ የስድስት ወሩ መርፌ ጊዜ እኔ ከማስታወሴ በፊት የደወሉልኝ እነሱ ናቸው።